ጆሮዬ መጮሁን አላቆመም፤ አእምሮዬ ግን ተወው

ይሄን የምጽፈው ሌሊት 8 ሰዓት ላይ አልጋው ጫፍ ተቀምጦ፣ ስልኩ ላይ «ጆሮ ሲጮህ ምን ይደረጋል» ብሎ ለሚፈልግ ሰው ነው። እኔ ያ ሰው ነበርኩ። ለወራት። ያኔ ያገኘሁት ጽሑፍ ሁሉ ወይ የሆነ ነገር ሊሸጥልኝ የሚፈልግ ነበር፣ ወይ ደግሞ የሚያስፈራ። ሐኪም አይደለሁም፤ ወፍጮ ቤት ነው የምሠራው። የደረሰብኝንና በኋላ የገባኝን ነው የምነግራችሁ።

ያደግኩት ደብረ ብርሃን፣ ወፍጮ ቤት ውስጥ ነው። ቤታችን ከአባቴ ወፍጮ ጋር ግድግዳ ይጋራ ነበር። ከ12 ዓመቴ ጀምሮ ከትምህርት ቤት ስመለስ እዚያው ነኝ። እህል መመዘን፣ ቋቱ ላይ መገልበጥ፣ ዱቄት መቀበል። ወፍጮ እየፈጨ አጠገባችሁ ያለውን ሰው ለማናገር መጮህ አለባችሁ። እኛ ግን ድምፁን አንሰማውም ነበር። ከልቤ ነው፣ አንሰማውም። አባቴ ከሰዓት በኋላ ጆንያ ላይ ጋደም ይልና፣ ሞተሩ እንደዚያ እያጓራ ድብን ያለ እንቅልፍ ይወስደዋል። ታዲያ ቋቱ ውስጥ ያለው እህል ሊያልቅ ሲል ድምፁ ትንሽ ይለወጣል፤ ቀጠን ይላል፣ ድንጋዩ ለብቻው መፋጨት ይጀምራል። በዚያች ቅጽበት አባቴ ብድግ ይላል። ማንም ሳይቀሰቅሰው። ቺንጋ ሲላላም እንደዚያው። እህል ይዘው የመጡት ሴቶች እዚያው ቆመው እንኳ የድምፁ ልዩነት አይታወቃቸውም ነበር።

የሙያ ነገር ነው ብዬ አልፌዋለሁ። የኔ ችግር መልሱ እዚያ ውስጥ መሆኑ የገባኝ ከ20 ዓመት በኋላ ነው።

በ2011 ዓ.ም. ጥር ላይ፣ ማታ፣ ሽሮ እየፈጨን መብራት ሄደ። ሞተሩ ቆመ። ወፍጮ ቤት በድንገት ጸጥ ሲል የሚሰማው ስሜት ለብቻው ነው፣ ግድግዳው ራሱ የሚተነፍስ ይመስላል። ያኔ ነው የሰማሁት። ጺይይይይ የሚል፣ ቀጭን፣ የማያቋርጥ ድምፅ። መጀመሪያ የትራንስፎርመር መሰለኝ። ወጥቼ ቆምኩ፣ አብሮኝ ወጣ። ቤት ገባሁ፣ አብሮኝ ገባ። ጆሮዬን በጣቴ ደፈንኩት፣ ይባስ ጎላ። ያን ሌሊት አልተኛሁም።

ከዚያ በኋላ ያደረግኩትን ሁሉ ብዘረዝር ረጅም ነው። ጠብታ ገዛሁ። ነጭ ሽንኩርት የተጠበሰበት ዘይት ጆሮዬ ውስጥ አንጠባጠብኩ፣ እባካችሁ ይሄን አታድርጉ፣ ለሳምንት አሳክኮኝ ቆስያለሁ። አሜሪካ ያለው የአክስቴ ልጅ ጊንኮ የሚባል እንክብል ላከልኝ፣ ሦስት ወር ዋጥኩት። በኋላ ሳነብ የአሜሪካ የአንገት በላይ ሐኪሞች ማኅበር እ.ኤ.አ. በ2014 ባወጣው መመሪያ ጊንኮም ሆነ ዚንክ ለዚህ ችግር እንዳይሰጥ እንደሚመክር አየሁ። እናቴ ጠበል ወሰደችኝ። እዚያ አንድ ነገር ሆነ፣ በኋላ እመለስበታለሁ። የመጀመሪያው ሐኪም ጆሮዬን በመብራት አየና «ንጹሕ ነው፣ ምንም የለብህም፣ ልመደው» አለኝ። ልመደው የሚለው ቃል ያን ቀን የፍርድ ያህል ከበደኝ። እንዴት ነው የሚለመደው? ማንም አልነገረኝም።

ትልቁ ጥፋት ግን ዘይቱም ጠብታውም አልነበረም፤ ደብተሩ ነው። ጠዋት ጠዋት ከአልጋ ሳልወርድ ሁለቱን ጆሮዬን ደፍኜ አዳምጥና ጩኸቱን ከ10 ነጥብ እሰጠው ነበር። 6፣ 7፣ አንዳንዴ 9። ቀኔ በዚያ ቁጥር ይወሰናል። ሰው እያወራኝ በመሃል «አሁንስ አለ?» ብዬ ውስጤን አዳምጣለሁ። ሁልጊዜም አለ።

በስድስተኛው ወር አዲስ አበባ ሄጄ የመስማት ምርመራ ተሠራልኝ። ድምፅ በማያስገባ ትንሽ ክፍል ውስጥ አስገብተው፣ ማዳመጫ አድርገው፣ ቀጫጭን ድምፆች ያሰሙሃል። ውጤቱ በግራፍ ነው የሚወጣው። የኔው መስመር ደህና መጥቶ 4,000 ኸርትዝ በሚባለው ቀጭን ድምፅ አካባቢ ጎድጎድ ይላል። ዶክተሯ ገና ስታየው «ጩኸት ያለበት ሥራ ነው የምትሠራው?» አለችኝ። በጩኸት የተጎዳ ጆሮ ብዙ ጊዜ በዚያ ቦታ ነው የሚጎድለው። የውስጠኛው ጆሮ ውስጥ፣ በእያንዳንዱ ጆሮ 15 ሺህ አካባቢ የሚሆኑ፣ ጸጉር የመሰለ ጫፍ ያላቸው ሴሎች አሉ። ጩኸት ይጎዳቸዋል፣ የሞተው ደግሞ ሰው ላይ ተመልሶ አይበቅልም። ከዚያ ቦታ ለአንጎል የሚደርሰው መልእክት ሲቀንስ፣ አንጎል በራሱ በኩል ድምፁን ከፍ ያደርጋል፤ ሬዲዮ ጣቢያው ሲጠፋ ድምፁን ከፍ ስታደርጉት እንደሚሰማው ሹሽሹታ ማለት ነው። የኔ ጺይይታ እሱ ነው።

ቀጥላ ያደረገችው ነገር ግን ሁሉን ነገር ለወጠብኝ። ከማሽኑ የተለያየ ድምፅ እያሰማች ከጆሮዬ ጩኸት ጋር እንዳመሳስለው አደረገችኝ፣ ቅጥነቱንም መጠኑንም። «እሱ ነው! በትክክል እሱ!» ስላት ቁጥሩን አሳየችኝ። መስማት ከምችለው ከመጨረሻው ዝቅተኛ ድምፅ በጥቂት ዴሲቤል (የድምፅ መጠን መለኪያ ነው) ብቻ ነው የሚበልጠው። ጆሮ የሚጮህባቸው አብዛኞቹ ሰዎች ሲለኩ እንደዚህ ነው የሚገኘው፣ ከ10 ዴሲቤል በታች። ሹክሹክታ ናት። አባቴ በወፍጮ ጩኸት ውስጥ ይተኛል፣ እኔ ግን በሹክሹክታ መተኛት አቃተኝ።

ስለዚህ ጉዳዩ የድምፁ መጠን አይደለም። አንጎል ለየትኛው ድምፅ ቅድሚያ ይሰጣል ነው።

ይሄን እናንተም ታውቁታላችሁ። መገናኛ ላይ ስትቆሙ አሥር ረዳት በአንድ ጊዜ ይጮሃል። ሁሉም እኩል ነው የሚጮኸው። እናንተ ግን የምትሰሙት የራሳችሁን ሰፈር ነው፣ ሌላው እንደ ዝናብ ያልፋል። ወይም ልቅሶ ቤት ድንኳን ውስጥ ከጎናችሁ ካለው ሰው ጋር እያወራችሁ፣ ከወዲያ ጥግ አንድ ሰው ስማችሁን ሲጠራ ጆሯችሁ ቀጥ ይላል። እስከዚያ ድረስ እዚያ ጥግ ስለሚወራው አንድ ቃል አልሰማችሁም። ግን የሆነ ነገር እናንተን ወክሎ እያዳመጠ ነበር ማለት ነው።

ይሄን ነገር ሞክረው ያዩት አሉ። ኮሊን ቼሪ የሚባል ተመራማሪ እ.ኤ.አ. በ1953 ለሰዎች በአንዱ ጆሯቸው አንድ ንግግር፣ በሌላው ጆሯቸው ሌላ ንግግር እያሰማ የአንዱን ብቻ እየተከተሉ እንዲደግሙት ጠየቃቸው። በሌላው ጆሮ የሚናገረው ከወንድ ወደ ሴት ሲለወጥ ታውቋቸዋል። ቋንቋው ወደ ጀርመንኛ ሲለወጥ ግን አላወቁም። በ1959 ደግሞ ኔቪል ሞሬይ የሚባል ሌላ ሰው በማይከታተሉት ጆሮ የራሳቸውን ስም አስገባላቸው፤ ሲሶ የሚሆኑት ሰሙት። አንጎል የሚገባውን ሁሉ እንደ ዘበኛ በር ላይ ያያል፣ አብዛኛውን ይመልሳል። ሳይጠይቅ የሚያስገባቸው ድንገት የተለወጠውን፣ አዲስ የሆነውን፣ እኔን ይመለከተኛል የሚለውን፣ ከሁሉም በላይ ደግሞ ያሰጋኛል የሚለውን ነው።

ይሄን ሥራ የሚሠሩ የአንጎል ክፍሎች አሉ። አንዱ ኢንሱላ የሚባለው የፊተኛው ክፍሉ ነው፣ ሌላው በሁለቱ የአንጎል ክፋዮች መሃል በፊት በኩል ያለ ቦታ ነው። ሳን ፍራንሲስኮ ያሉ ተመራማሪዎች እ.ኤ.አ. በ2007 ሁለቱ አንድ ላይ እንደ መረብ እንደሚሠሩ አሳይተው ሳሊየንስ ኔትወርክ አሏቸው፤ «ለየትኛው ነገር ነው ልነሣ?» የሚለውን የሚወስን መረብ በሉት። አሚግዳላ የሚባለው ደግሞ ስጋት ያለበትን ነገር ምልክት ያደርጋል። ከታች በአንጎል ግንድ ውስጥ ደግሞ ሎከስ ሴሩሊየስ የሚባል ትንሽ ነገር አለ፣ ስሙ በላቲን ሰማያዊ ቦታ ማለት ነው፤ አስፈላጊ ነገር መጣ ሲባል ኖራድሬናሊን የሚባል ንጥረ ነገር ወደ መላው አንጎል ይረጫል። ያኔ ልብ ይመታል፣ እንቅልፍ ይጠፋል፣ ያ የተለየው ነገር ጎላ ብሎ ይሰማል፣ ሌላው ይደበዝዛል። አባቴን ከጆንያው ላይ ብድግ የሚያደርገው ይሄ ነው።

እንግዲህ እኔ ምን አድርጌ ነበር? ለስድስት ወር፣ በየቀኑ፣ ያን ጺይይታ ለአንጎሌ እንደ ጠላት አስተዋውቄዋለሁ። በፈራሁት ቁጥር ምልክት ተደረገበት። በመዘንኩት ቁጥር «ይሄ በጣም አስፈላጊ ነው፣ እንዳያመልጥህ» ብዬዋለሁ። ፓወል ያስትረቦፍ የሚባል ሳይንቲስት እ.ኤ.አ. ከ1990 ጀምሮ ያስረዳው ይሄንኑ ነው፤ ጩኸቱ ብቻውን አያሠቃይም፣ የሚያሠቃየው ጩኸቱ ከፍርሃት ጋር ሲታሰር ነው፤ የታሰረውም ሊፈታ ይችላል። ዶክተሯ ይሄን ስታስረዳኝ ያ «ልመደው» የሚለው ቃል ትርጉሙ ተለወጠብኝ። ለካ ከፍርድ ይልቅ ሥራ ነው። የሚሠራበት መንገድም አለው።

አንድ ሌላ ነገርም ነገረችኝ፣ ያን ሌሊት በደንብ ያስተኛኝ። በዚያው በ1953 ሄለርና በርግማን የሚባሉ ሁለት ሰዎች ጤናማ ጆሮ ያላቸው 80 ሰዎችን አንድ በአንድ ድምፅ በማያስገባ ክፍል አስገብተው የሚሰሙትን ጠየቋቸው። 94 በመቶዎቹ ውዝዝታ፣ ፉጨት፣ ጢንታ የመሰለ ነገር እንሰማለን አሉ። ሙሉ ጸጥታ ውስጥ የማንም ጆሮ ባዶ አይደለም ማለት ነው። የነሱ አንጎል ግን ከዚያ ክፍል ሲወጡ ይተወዋል።

አሁን ያደረግኩትን ልንገራችሁ። ደብተሩን ጣልኩት። በጣም ከባዱ ይሄ ነበር፣ ሱስ ነው። ጠዋት እጄ በራሱ ወደ ጆሮዬ ይሄዳል። ስለዚህ እንደነቃሁ ወዲያው ተነሥቼ ፊቴን እታጠባለሁ፣ የውኃው ድምፅ አለ፣ እጄም ሥራ አለው። ሦስት ሳምንት ያህል ፈጀብኝ።

ሙሉ ጸጥታን አስቀረሁ። ጠበል ላይ አንድ ነገር ሆነ ያልኳችሁ ይሄ ነው፤ ውኃው ከላይ እየወረደ ሳለ ለመጀመሪያ ጊዜ ጩኸቱን ረሳሁት። የእናቴ ጸሎት እንደሠራ አምናለሁ። የውኃውም ድምፅ ሠርቷል። ቤት ውስጥ ማታ ሬዲዮ በጣም ዝቅ አድርጌ፣ ወይም ስልክ ላይ የዝናብ ድምፅ ከፍቼ መተኛት ጀመርኩ። እዚህ ላይ አንድ ስሕተት እንዳትሠሩ፤ ጩኸቱን ሙሉ በሙሉ የሚሸፍን ድምፅ አትክፈቱ። ዶክተሯ ያለችኝ ከጩኸቱ ትንሽ ዝቅ ያለ ይሁን ነው። አንጎል ሊለምደው የሚችለው እየሰማው ነውና፣ ከሸፈናችሁት ምን ይለምዳል? ጩኸቱና ዝናቡ ጎን ለጎን ይኑሩ፣ አንዱ ከሌላው ብዙም የማይለይ ሆኖ።

ጩኸቱ ሲመጣ ደግሞ አልታገለውም። በረጅሙ ወደ ውጭ እተነፍሳለሁ፣ ከሳብኩት አየር በሚረዝም ትንፋሽ፣ አምስት ስድስት ጊዜ። በልቤ «ይሄ የወፍጮው ትዝታ ነው፣ ቋቱ አላለቀም» እላለሁ። ቃሉን እናንተ የፈለጋችሁትን አድርጉት። ዋናው ነገር ሰውነት ሳይደነግጥ ድምፁ እንዲያልፍ ነው። ድምፁ መጥቶ ምንም ነገር ሳይከተለው ሲቀር፣ ደጋግሞ ሲቀር፣ አንጎል ከዝርዝሩ ያወጣዋል። ለብቻዬ ያልቻልኩትን ደግሞ ከሥነ ልቦና ባለሙያ ጋር ስድስት ጊዜ ተገናኝቼ ሠርቻለሁ። ኮግኒቲቭ ቢሄቪየራል ቴራፒ ይባላል፣ ሐሳብንና ልማድን በመለወጥ የሚሠራ የንግግር ሕክምና ነው። ጩኸቱን አይቀንስም፣ ሥቃዩን ግን ይቀንሳል፤ እስካሁን ለዚህ ችግር ከተሞከሩት ሁሉ ጠንካራ ማስረጃ ያለው እሱ ነው። የመስማት ችሎታችሁ በደንብ የቀነሰ ከሆነ ደግሞ የመስሚያ መሣሪያ ብዙ ሰው ይረዳል፣ ምክንያቱም የጎደለውን ድምፅ ይመልሳል።

በአንድ ጊዜ የተሻለኝ እንዳይመስላችሁ። ሁለት ወር ደህና ሆኜ አባቴ ሲያርፍ እንደ አዲስ ተነሣብኝ። እንቅልፍ ያጣሁበት ሳምንት ሁሉ ይጎላል። መጀመሪያ ላይ በተነሣ ቁጥር «አለቀልኝ፣ ተመለሰ» እያልኩ እንደገና እፈራ ነበር፣ ያ ፍርሃት ነው ደግሞ የሚያቆየው። አሁን ሲጎላ የሚነግረኝ ነገር ቢኖር ደክሞኛል፣ ወይም አዝኛለሁ ነው። ዓመት ከመንፈቅ ያህል ወስዶብኛል። አሁን ስለሱ ስጽፍ ጥርት ብሎ ይሰማኛል፣ እያሰብኩት ነዋ። ገበያ ስወጣ፣ ከልጄ ጋር ስጫወት፣ ስሠራ፣ የለም። አለ፣ ግን የለም።

ይሄ ሁሉ የሚሠራው ግን መጀመሪያ ተመርምራችሁ ሌላ ነገር አለመኖሩ ሲታወቅ ነው። ጩኸቱ በአንድ ጆሮ ብቻ ከሆነ፣ ወይም ከልብ ምታችሁ ጋር እኩል ዱም ዱም የሚል ከሆነ፣ ማዞር ካለው፣ ፊታችሁ በአንድ በኩል ከደከመ፣ ከጆሯችሁ ፈሳሽ የሚወጣ ከሆነ ከአንገት በላይ ሐኪም ጋር ሂዱ። አንድ ጆሮ በድንገት፣ በአንድ ቀን ወይም በሁለት ቀን ውስጥ መስማት ካቆመ ደግሞ ነገ ዛሬ አትበሉ። እሱ ስቴሮይድ በሚባል መድኃኒት ቶሎ ከታከመ የመመለስ ዕድል አለው፣ ሳምንታት ካለፉ ግን ዕድሉ እየጠበበ ነው የሚሄደው። የምትወስዱትንም መድኃኒት ንገሩ። ለወባ የሚሰጠው ኩዊኒን የሚባለው መድኃኒት፣ ብዙ መጠን ያለው አስፕሪን፣ ጄንታማይሲን የሚባለው መርፌ ጆሮ ሊያስጮሁ ይችላሉ። በራሳችሁ ፈቃድ ግን አታቋርጡ፣ ያዘዘላችሁን ሰው ጠይቁ። መኖር እስኪያስጠላችሁ የደረሳችሁ ካላችሁ ደግሞ፣ እኔም አንድ ሁለት ሌሊት እዚያ ደርሻለሁና፣ ዛሬውኑ ለአንድ ሰው ንገሩ፤ ለሚስት፣ ለወንድም፣ ለሐኪም፣ ለንስሐ አባት። ብቻችሁን ሌሊቱን አትግፉ። ያ ስሜት ያልፋል፣ እኔ ላይ አልፏል።

በመጨረሻ ጩኸት ያለበት ቦታ ለምትሠሩ፤ ብረት ሥራ፣ እንጨት ሥራ፣ ጄኔሬተር አጠገብ። በክንድ ርቀት ያለን ሰው ለማናገር ድምፃችሁን ከፍ ማድረግ ካለባችሁ ቦታው ጆሮ ይጎዳል ማለት ነው። 85 ዴሲቤል ላይ ስምንት ሰዓት ነው ልኩ፤ በየ3 ዴሲቤሉ ጭማሪ ጊዜው በግማሽ ይቀንሳል፣ 88 ላይ አራት ሰዓት፣ 91 ላይ ሁለት ሰዓት። ወፍጮ ቤታችን ውስጥ በስልክ ስለካው ከ90 በላይ ነው ያሳየኝ፣ እኛ ደግሞ ቀኑን ሙሉ ነው የምንውለው። አሁን ወፍጮ ቤቱ ውስጥ አብረውኝ ለሚሠሩት ልጆች ሁሉ የጆሮ መከላከያ ገዝቻለሁ፣ እንደ ማዳመጫ ራስ ላይ የሚደረገውን። ዝም ባለ ቦታ፣ ቤት ውስጥ፣ መንገድ ላይ ግን አታድርጉት። ጆሮ ጸጥታ ውስጥ በቆየ ቁጥር አንጎል ድምፁን ከፍ ያደርጋልና ይብስባችኋል። ይሄን ስሕተት እኔ ለሁለት ወር ሠርቼዋለሁ።

ከልጆቹ አንዱ መጀመሪያ ላይ አልፈልግም ብሎ አስቸግሮኝ ነበር። «ጋሼ፣ ይሄን ካደረግኩ ቋቱ ሲያልቅ እንዴት ይሰማኛል?» አለኝ። ትክክለኛ ጥያቄ ነው። አድርግና እየው አልኩት። መጀመሪያው ሳምንት እየተነሣ ያይ ነበር። አሁን መከላከያውን እንዳደረገ ከደጅ ሰው ጋር ቆሞ በምልክት እያወራ፣ እህሉ ሊያልቅ ሲል ዘወር ይላል።